ብቸኛ ወንዶችና የወተቷ ማስታወቂያ፦ ፌሊኒ በዶክተር አንቶኒዮ ቀለደበት ወይስ አዘነለት?

ሄኖክ_ፊልም

ሰላም ቤተሰብ። "ቦካቾ 70"ን እንደገና አይቼው ከጭንቅላቴ አልወጣ አለኝ። እ.ኤ.አ. በ1962 የወጣ የጣሊያን ፊልም ነው። አንድ ፊልም ይባል እንጂ አራት ዳይሬክተሮች የሠሯቸው አራት ታሪኮች ናቸው። ሞኒቼሊ፣ ፌሊኒ፣ ቪስኮንቲና ዴ ሲካ። ሐሳቡ የቼዛሬ ዛቫቲኒ ነው፣ ፕሮዲዩሰሩ ካርሎ ፖንቲ። የኔ ጉዳይ ከፌሊኒው ክፍል ጋር ነው፤ "የዶክተር አንቶኒዮ ፈተናዎች"።

ዶክተር አንቶኒዮ ሮም ውስጥ የሚኖር የተከበረ ሰው ነው። ጥቁር ልብስ፣ ጃንጥላ፣ ሁሌ የተቆጣ ፊት። ማንም ሳይሾመው የከተማው ሥነ ምግባር ጠባቂ ሆኗል። ማታ ማታ መኪና ውስጥ የተቀመጡ ፍቅረኞችን እየዞረ ይበትናል። ደረቷ የተገለጠ ቀሚስ የለበሰችን ሴት ሰው ፊት በጥፊ ይላታል። አንድ ቀን ታዲያ ከቤቱ ፊት ለፊት ያለው ሜዳ ላይ ሠራተኞች መጥተው ግዙፍ የማስታወቂያ ሰሌዳ ያቆማሉ። ሰሌዳው ላይ ተዋናይቷ አኒታ ኤክበርግ ጋደም ብላ የወተት ብርጭቆ ይዛለች። "ወተት አብዝታችሁ ጠጡ" ይላል። የኒኖ ሮታ የማስታወቂያ ዜማ ደግሞ አንዴ ከሰሙት ከጆሮ አይወጣም።

ከዚያ ወዲያ ሰውየው ሰላም የለውም። ቢሮ ለቢሮ ይዞራል። ባለሥልጣን ይለምናል። ሰሌዳው ላይ ቀለም ይወረውራል። በወረቀት ተሸፈነች ብሎ ዕፎይ ሲል ዝናብ መጥቶ ወረቀቱን ያነሳዋል። ሌሊት አኒታ ከሰሌዳው ወርዳ በሰፈሩ ትራመዳለች። ቁመቷ ከፎቅ እኩል ነው፣ እሱ እጇ ላይ አሻንጉሊት ያክላል።

ብዙ ሰው ፊልሙን "ግብዝን ማጋለጥ" ብሎ ያልፈዋል። ለኔ ግን ጎልቶ የታየኝ ብቸኝነቱ ነው። በዙሪያው ሰው ሞልቷል። ቄስ አለ፣ ባለሥልጣን አለ፣ ጎረቤት አለ። ከሁሉም ጋር የሚያወራው ግን ስለ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ስለ ሌሎች ሰዎች ኃጢአት። ስለ ራሱ የሚያወራለት ሰው የለም። የልቡን የሚናገረው ሌሊት፣ ለወረቀት ሴት ነው። እናንተስ ምን ትላላችሁ? ፌሊኒ ቀለደበት ወይስ አዘነለት?

ቢኒ22

ወንድሜ አሪፍ ነው ያነሳኸው። እኔ ግማሹን አይቼ ነው የተውኩት። በጣም የተጋነነ መሰለኝ። አሁን ስታወራው ደግሞ ልመለስበት አልኩ። ተዋናዩ ማነው? ፊቱን ሳየው ብቻ ነው የሳቅኩት።

ሄኖክ_ፊልም

ፔፒኖ ዴ ፊሊፖ ነው። የኔፕልስ ሰው፣ የመድረክ ቲያትር ልጅ። የታዋቂው የኤድዋርዶ ዴ ፊሊፖ ወንድም ነው። ከኮሜዲያኑ ቶቶ ጋርም ብዙ ኮሜዲ ሠርቷል። ፌሊኒ ሌላ ተዋናይ ቢመርጥ ኖሮ አንቶኒዮን ዝም ብለን እንጠላው ነበር። ፔፒኖ ግን እየተቆጣም ፊቱ ላይ የፍርሃት ነገር አለ። አኒታ ስትስቅበት ልብ ብላችሁ እዩት። የሚናደድ ያስመስላል እንጂ ደንግጧል።

ጋሽ_ተሰማ

ልጄ ሄኖክ፣ ጽሑፍህ ደስ ይላል። በሐሳቡ ግን አልስማማም።

እኔ ይህን ፊልም በወጣትነቴ ነው ያየሁት። ያኔም አልተዋጠልኝም፣ ዛሬም አይዋጥልኝም። ጨዋነትን የሚጠብቅን ሰው መሳቂያ ማድረግ ቀላል ነው። ጥቁር ልብስ ታለብሰዋለህ፣ ጃንጥላ ታስይዘዋለህ፣ በመጨረሻ አሳብደህ ትሸኘዋለህ። በፊልሙ ውስጥ ለነውር ለከት ይኑረው ብሎ የሚናገር፣ ግን ያላበደ አንድ ሰው አለ ወይ? የለም። ይህ ሚዛን አይባልም።

ሌላም ልጨምር። ሰውየው የጠየቀው ጥያቄ ትክክል ነበር። ወተት ለመሸጥ የሴት ገላ ምን አገባው? ጊዜውን አስታውሱ። ጣሊያን ከጦርነቱ ወጥታ በአንድ ጊዜ ፋብሪካ በፋብሪካ የሆነችበት ዘመን ነው። የጣሊያን ብሔራዊ ጣቢያ ራይ ቴሌቪዥን የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1954 ነው። "ካሮሴሎ" የሚባለው የማታ የማስታወቂያ ፕሮግራም በ1957 ተጀምሮ እስከ 1977 ቆየ። አገሬው በማስታወቂያ ተጥለቀለቀ። በዚያ መሀል አንድ ሰው ቆሞ "ኧረ ይሄ ነገር ልክ አይደለም" ቢል ዕብድ ነው?

ማርታ_መ

ጋሽ ተሰማ፣ አክብሮቴ እንደተጠበቀ ሆኖ፣ ያነሱት ጥያቄ የእርስዎ ነው እንጂ የአንቶኒዮ አይደለም።

አንቶኒዮ አንድም ጊዜ "ይህቺን ሴት ለምን መሸጫ አደረጋችኋት?" ብሎ ሲጠይቅ አላየሁም። የወተቱን ነጋዴ ሄዶ አልተጣላውም። ቀለሙን የወረወረው ሴትየዋ ላይ ነው። መኪና ውስጥ ያሉትን ጥንዶች ሲበትንም፣ ካፌ ውስጥ ሴት በጥፊ ሲመታም ያው ነው። ቁጣው ሁሌ የሚያርፈው አጠገቡ ባለ ገላ ላይ ነው።

እኔ እንደ ሴት ስመለከተው የሚያናድደኝ ሌላ ነገር አለ። እሱ ሌሊት ይወዳታል፣ ይለምናታል፣ ከዚያ ይፈራታል። በመጨረሻ የብረት ጥሩር ለብሶ፣ ጦር ይዞ እንደ ጥንት ባላባት ይመጣባትና ይወጋታል። ከወጋ በኋላ ቀብር አለ፣ ለቅሶ አለ። የፈለገውን ነገር ገድሎ አለቀሰለት። ይህን እንዴት በርኅራኄ ልየው? ሄኖክ "ብቸኝነት" ትላለህ። ብቸኛ ሰው ሁሉ ጦር አያነሳም።

ሄኖክ_ፊልም

ማርታ፣ ልክ ነሽ፣ ብቸኝነት ሰበብ አይሆንም። ግን አንድ ነገር ላክልበት። አኒታ ልብሷን ማውለቅ ስትጀምር አንቶኒዮ ምን ያደርጋል? ወደ ካሜራው ዞሮ እኛን አትዩ ይለናል። በዚያች ደቂቃ ሥነ ምግባር ጠባቂ አይደለም። የራሱ ብቻ እንድትሆን የሚፈልግ ቅናተኛ ነው። ፌሊኒ እዚህ ጋ ሰውየውን ገልጦ አሳየን። ከመጀመሪያው ጀምሮ ሲከለክል የነበረው ሌላው ሰው እንዳያይ ነበር።

ጋሽ ተሰማ፣ ለእርስዎ ደግሞ የፊልሙን መነሻ ላንሳ። ፌሊኒ ይህን የሠራው በጣም ተጎድቶ ነው። በ1960 "ላ ዶልቼ ቪታ" ሲወጣ የቫቲካን ጋዜጣ "ሎሴርቫቶሬ ሮማኖ" ክፉኛ አወገዘው። ሚላን ላይ ሲመረቅ ምራቅ ተፍተውበታል። አኒታ የትሬቪ ፏፏቴ ውስጥ የገባችው በዚያው ፊልም ነው። ስለዚህ ፌሊኒ በሁለት ዓመቱ ያቺኑ አኒታን ይዞ ተመለሰ፤ በዚህ ጊዜ በፎቅ ቁመት። የመጀመሪያ ባለ ቀለም ሥራውም ይኸው ነው።

የጥፊውም ነገር ከሜዳ የመጣ አይደለም። በ1950 ኦስካር ሉዊጂ ስካልፋሮ የሚባል ወጣት የፓርላማ አባል ሮም ምግብ ቤት ውስጥ ትከሻዋን የገለጠች ሴት ሰው ፊት ተቆጥቶ ጉዳዩ ጋዜጣ ላይ ከርሟል። ይኸው ሰው ኋላ ከ1992 እስከ 1999 የጣሊያን ፕሬዚዳንት ሆነ። የ1962 ተመልካች ያንን የካፌ ትዕይንት ሲያይ ትዝ የሚለው ነገር ነበረው።

ዲያቆን_ያ

ሰላም ለእናንተ ይሁን። ፊልሙን ያየሁት ዘግይቼ ነው፣ ርዕሱ ስቦኝ። "የዶክተር አንቶኒዮ ፈተናዎች" ሲባል እኛ ቶሎ የምናስታውሰው አለን፤ አባ እንጦንስ። የመነኮሳት አባት፣ በግብፅ በረሃ ሰይጣን በሴት አምሳል ሳይቀር የፈተናቸው። አውሮፓውያን ሠዓሊዎችም ይህን ታሪክ ለዘመናት ሲሥሉት ኖረዋል። ፌሊኒ ይህን ሆን ብሎ ነው የያዘው።

ለጋሽ ተሰማ አንድ ነገር ልበል። ፊልሙ ሃይማኖትን የሰደበ ይመስላል፣ እኔ ግን እንደዚያ አላየሁትም። አባ እንጦንስ ወደ በረሃ የገቡት የራሳቸውን ልብ ሊዋጉ ነው። የሌላውን ሰው መኪና በር ሲያንኳኩ አልኖሩም። ዶክተር አንቶኒዮ ግን ልቡን ትቶ ሰፈሩን ሊያጸዳ ወጣ። ገዳማውያን አባቶች ስለ ፈተና ሲያስተምሩ ሐሳብህን ለአበ ነፍስህ ተናገር ይላሉ። ይህ ሰው ለማንም አልተናገረም። ሄኖክ "ስለ ራሱ የሚያወራለት ሰው የለም" ያልከው ለኔ የፊልሙ ቁልፍ ነው።

ጋሽ_ተሰማ

ዲያቆን፣ ይህቺ ነገርህ ታሳስባለች። አላልፋትም። ነገር ግን ያቺን ሰሌዳ ያቆመው ሰው አሁንም ሳይነካ መሄዱን አትርሱብኝ። አንቶኒዮ በአምቡላንስ ሄደ፣ ነጋዴው ግን ወተቱን ሸጠ።

ዘቢደር_ሮም

ውይ፣ ይህን ክር ዛሬ ነው ያየሁት። እኔ የምኖረው ሮም ነው። ሰሌዳው የቆመበት ያ ሜዳ ያለበት ሰፈር ኢዩር ይባላል። አሁን ሜዳ የለውም፣ ቢሮና ሕንፃ ብቻ ነው። እሑድ እሑድ አንዳንዴ ከልጆቼ ጋር እንሄዳለን፣ ሐይቅ ስላለው።

ስለ ሰፈሩ ግን ማንም አላነሳም፣ እኔ ላንሳው። ኢዩርን ማሠራት የጀመረው ሙሶሎኒ ነው፣ በ1942 ሊያደርገው ላሰበው ዓለም አቀፍ ኤግዚቢሽን። ጦርነቱ መጣና ሳይሆን ቀረ። እዚያ ባለ ብዙ ቅስት አንድ ትልቅ ነጭ ሕንፃ አለ። ሰው "አራት ማዕዘኑ ኮሎሲየም" ይለዋል። አናቱ ላይ በአራቱም በኩል ጽሑፍ ተቀርጿል። የገጣሚ፣ የአርቲስት፣ የጀግና፣ የቅዱሳን ሕዝብ ምናምን እያለ ጣሊያንን ያወድሳል። ቃሉ ከየት እንደተወሰደ ታውቃላችሁ? ሙሶሎኒ ኦክቶበር 2 ቀን 1935 ካደረገው ንግግር ነው። በኢትዮጵያ ላይ ጦርነት መክፈቱን ያወጀበት ንግግር። በማግስቱ ሠራዊቱ መረብን ተሻገረ።

ይህን ካወቅሁ በኋላ በዚያ ሕንፃ ሥር ባለፍኩ ቁጥር ደሜ ይፈላል። ፊልሙንም ሌላ ዓይን ሆኖብኝ ነው የማየው። ያ ሰፈር የተሠራው ትልልቅ ወንዶች ትልልቅ ነገር እንዲያወሩበት ነው። ጥሩሩ፣ ጦሩ፣ ጀግና ነኝ ባይነቱ ሁሉ የዚያ ሰፈር ቋንቋ ነው። ፌሊኒ ያንን አደባባይ ወስዶ አንዲት ሴት እየሳቀች እንድትሄድበት አደረገ። አንቶኒዮ ጦር ይዞ ሲመጣ እኔ አልሳቅኩም፣ ማርታ እንዳልሽው ነው የተሰማኝ። ግን ደግሞ ያ ሁሉ ድንጋይ ከእሷ አጠገብ ሲያንስ ማየት ደስ ብሎኛል።

ቢኒ22

እህቴ ዘቢደር የጽሑፉን ነገር ጭራሽ አላውቅም ነበር። ፎቶውን መቶ ጊዜ አይቼዋለሁ፣ ማንበብ አልመጣልኝም። እናመሰግናለን።

አንድ ጥያቄ፦ ሌሎቹ ክፍሎችስ እንዲህ ናቸው? ወይስ የፌሊኒው ብቻ ነው የሚታየው?

ማርታ_መ

ቢኒ፣ የዴ ሲካውን ሳታይ እንዳትቀር። "ዕጣው" ይባላል። ለኔ ስለ ብቸኛ ወንዶች ከተነሳ ከአንቶኒዮም የሚበልጠው እሱ ነው።

ታሪኩ ሉጎ በሚባል የሮማኛ አካባቢ ከተማ፣ በከብት ገበያ ሰሞን ነው። ሶፊያ ሎረን ዞዬ ሆና የኢላማ ተኩስ ድንኳን ትሠራለች። ገንዘብ ያስፈልጋል፣ ቤተሰቧ ዕዳ አለበት። ስለዚህ በድብቅ ዕጣ ይወጣል። ቲኬት ይሸጣል። ሽልማቱ ከእሷ ጋር አንድ ሌሊት ነው። የገበያው ወንድ ሁሉ ይገዛል። ሽማግሌው፣ ከብት ነጋዴው፣ ሀብታሙ፣ ምንም የሌለው። ዴ ሲካ ፊታቸውን አንድ በአንድ ያሳየናል። አብዛኞቹ ተዋናይ አይመስሉም፣ ከዚያው ከገበያው የተወሰዱ ነው የሚመስሉት። ቲኬቱን ሲይዙ እጃቸውን እዩ። ደብተር ላይ እንደሚፈርም ገበሬ በጥንቃቄ ነው የሚይዙት።

ዕጣው ለማን ይወጣል? ለኩስፔት። የቤተ ክርስቲያን አገልጋይ ነው። ድሃ፣ ዓይን አፋር፣ ሴት ቀርባው የማታውቅ። የቀሩት ወንዶች ቲኬቱን ሽጥልን ብለው ገንዘብ ይቆልሉለታል። አይሸጥም። ዞዬ ግን ሌላ ወጣት ወዳለች። ለኩስፔት ገንዘቡን ትሰጠውና ነገሩ ሳይሆን ይቀራል። ኩስፔት ወደ ሰዎቹ ሲመለስ ሆኗል ብለው ያስባሉ፣ እሱም አያስተባብልም። ተሸክመው ያጨበጭቡለታል። በሕይወቱ ማንም ዞር ብሎ አይቶት የማያውቅ ሰው!

እዚህ ጋ ነው ዴ ሲካ የገባኝ። እነዚህ ወንዶች ከሴትየዋ ይልቅ እርስ በርሳቸው መታየት ነው የፈለጉት። ይሉኝታው፣ ፉክክሩ፣ ስሙ። ኩስፔት ያገኘው ያንን ነው፣ ፊቱም በደስታ የበራው ለዚያ ነው። ዞዬ ደግሞ ከአንቶኒዮዋ ሴት በተለየ ሥጋና ደም አላት። ዕዳ አለባት፣ ትናደዳለች፣ ትመርጣለች። በመጨረሻ "አልሆንም" አለች፣ ሆነላትም።

ጋሽ_ተሰማ

ማርታ ልጄ፣ ይህን በጥሩ ዓይን አይተሽዋል።

ከታሪክ በኩል አንድ ነገር ላቀብላችሁ። ጣሊያን በመንግሥት ፈቃድ የሚሠሩትን የሴተኛ አዳሪ ቤቶች የዘጋችው በ1958 ነው፣ በሴናተር ሊና ሜርሊን ሕግ። ሴትየዋ ሶሻሊስት ነበረች፣ ለዓመታት ታግላ ነው ያጸደቀችው። ፊልሙ የወጣው ከዚያ አራት ዓመት በኋላ ነው። እዚያ ገበያ ላይ ያሉት ሽማግሌዎች ዕድሜ ልካቸውን ሲሄዱበት የኖሩት በር የተዘጋባቸው ሰዎች ናቸው። ፍቺም ገና አልተፈቀደም፣ ሕጉ የመጣው በ1970 ነው። ያልተስማማህን ይዘህ ትኖራለህ፣ ያላገባህም ብቻህን ትቀራለህ። ይህን ካላወቃችሁ ወንዶቹ ዝም ብለው ባለጌ ይመስሏችኋል።

የዴ ሲካውን እኔም ወድጄዋለሁ። በማንም ላይ አይፈርድም። ፌሊኒ ግን ፈርዷል።

ሄኖክ_ፊልም

ጋሽ ተሰማ፣ ይህ መረጃ ብዙ ነገር ነው የከፈተልኝ። አመሰግናለሁ።

ፌሊኒ ፈርዷል ወይ የሚለው ላይ ግን ልቆይ። መጨረሻውን እንየው። ጠዋት አንቶኒዮ ሰሌዳው አናት ላይ ተጣብቆ ተገኘ። እየቃተተ ስሟን ይጠራል። መሰላል አምጥተው አወረዱት፣ አምቡላንስ ውስጥ አስገቡት። ታሪኩን ስትተርክልን የነበረችው ትንሽ ልጅ፣ የፍቅር አምላክ ነኝ የምትለው፣ ትስቃለች። ሳቋ የልጅ ነው። ጭካኔም ርኅራኄም የለበትም። እኔ ፌሊኒ አልፈረደም የምለው ለዚህ ነው። ሌላ ዳይሬክተር ቢሆን አንቶኒዮ ሰው ፊት ተዋርዶ፣ የራሱ ጓደኞች ሲስቁበት ያልቅ ነበር። ፌሊኒ ግን የምትወደውን ስም ይጠራ ብሎ ተወው። ለመጀመሪያ ጊዜ እውነቱን ተናገረ፣ ያውም ሰው እየሰማው።

በነገራችን ላይ ይህ ነገር ፌሊኒን ለቆት አያውቅም። በ1976 በሠራው "ካዛኖቫ" ውስጥ ዶናልድ ሳዘርላንድ በመጨረሻ የሚደንሰው ከመካኒካል አሻንጉሊት ጋር ነው። ማርኮ ፌሬሪም በ1986 "አይ ላቭ ዩ"ን ሠራ። እዚያ ክሪስቶፈር ላምበርት ሲያፏጩላት "እወድሃለሁ" በምትል የቁልፍ መያዣ ይለከፋል። ወረቀት፣ አሻንጉሊት፣ የቁልፍ መያዣ። የጣሊያን ሲኒማ ይህን ወንድ በደንብ ያውቀዋል።

ማርታ_መ

ስሟን መጥራቱ እውነት ነው፣ እሱን እሰጥሃለሁ። ጥፊ የተመታችውን ሴት ግን ይቅርታ አልጠየቀም። እኔ እዚያው ነኝ።

ቢኒ22

የት ይገኛል ታዲያ? የኔ ኮፒ ሦስት ታሪክ ብቻ ነው ያለው። ሞኒቼሊ የሚባለው የለበትም።

ሄኖክ_ፊልም

ያንተው የውጭ አገር ቅጂ ነው። ሙሉው ከሦስት ሰዓት በላይ ነው። ፕሮዲዩሰሩ የሞኒቼሊን ክፍል ከውጭ ገበያው ላይ አወጣው። በ1962 ካን ፌስቲቫል ላይም የታየው ያለ እሱ ነው። በዚህ የተነሳ ሌሎቹ ዳይሬክተሮች ተቃውመዋል። ትልልቅ ኮከቦች የሌሉበት እሱ ብቻ ነበር።

የሚያሳዝነው ምን መሰላችሁ? በአራቱ ውስጥ ሁለት ሰዎች በእውነት የሚዋደዱበት ታሪክ ያ ብቻ ነው። ሬንዞና ሉቻና ሚላን ውስጥ ሠራተኞች ናቸው። ኢታሎ ካልቪኖም ስክሪፕቱ ላይ አለበት። የመሥሪያ ቤቷ ደንብ ሴት ሠራተኛ እንዳታገባ ይከለክላል፣ ስለዚህ ጋብቻቸውን ይደብቃሉ። ኋላ እሱ የሌሊት ሥራ ያገኛል፣ እሷ የቀን። እሱ ሲገባ እሷ ትወጣለች። የተጋቡ ሰዎች ሆነው አልጋው ላይ የሚፈራረቁ ናቸው። ሙሉውን ቅጂ ፈልግ፣ በዲቪዲ ወጥቷል።

ዘቢደር_ሮም

ሄኖክ፣ ይህን ክፍል አላየሁትም ነበር። አሁን ግን የግድ አየዋለሁ። እኛ እዚህ ያለን ብዙ ሰዎች የኖርነው እንደዚያ ነው። እኔ በመጣሁ ጊዜ ሰው ቤት አድሬ ነበር የምሠራው። ዕረፍት ሐሙስ ከሰዓትና እሑድ ነው። ባለቤቴ ደግሞ ማታ ነበር የሚሠራው። ሐሙስ ተርሚኒ ባቡር ጣቢያ አካባቢ ተገናኝተን ቡና እንጠጣለን፣ ሰዓቱን እያየን። ማንም ሳይበትነን ጊዜው ይበትነናል።

እና ሁላችሁም ስለ አንቶኒዮ ብዙ አወራችሁ፣ ጥሩ ነው። እኔ ግን ያንን ፊልም የቆረጠውን ሰው ነው የታዘብኩት። ብቸኛ ወንድና ትልቅ ኮከብ ይሸጣል ብሎ፣ ሁለት የተዋደዱ ሠራተኞችን አውጥቶ ጣላቸው። ጋሽ ተሰማ ስለ ወተት ነጋዴው ያሉት ነገር እዚህም ይሠራል።

ጋሽ_ተሰማ

ይሠራል እንጂ ልጄ። እንዲያውም የኔን ክርክር ከኔ በላይ ተከራከርሽልኝ። ቢኒ፣ ሙሉውን ቅጂ ካገኘህ ለእኔም አድራሻውን ጻፍልኝ። ስልሳ ዓመት ሙሉ ሦስቱን ብቻ ነው የማውቀው።